የተዋናዩ ፊት የማን ነው?

ሠዓሊ ሸራውን ሸጦ ቤቱ ይገባል። ደራሲ ረቂቁን ለአሳታሚ አስረክቦ ሌላ ይጀምራል። ቀራጺም ድንጋዩን አደባባይ ካቆመ በኋላ እጁን ታጥቦ ይሄዳል። ሥራው አንድ ነገር፣ ሠሪው ሌላ ነገር ነው። ተዋናይ ግን ይህን ዕድል አላገኘም። ሸራው የራሱ ፊት፣ ድንጋዩ የራሱ አካል፣ ብዕሩም የራሱ ድምፅ ነው። የመድረክ ተዋናይ ቢያንስ መጋረጃው ሲዘጋ ፊቱን ይዞ ወደ ቤቱ ይመለሳል፤ የፊልም ተዋናይ ይህም ቀርቶበታል። ፊቱ ከእርሱ ተለይቶ ባሕር ይሻገራል፤ በማያውቀው ከተማ፣ በማያውቀው ጨለማ አዳራሽ ውስጥ፣ የማያውቀው ሰው ይስቅበታል ወይም ያለቅስለታል። እርሱ በዚያው ሰዓት ምናልባት ወሎ ሰፈር ቆሞ ታክሲ እየጠበቀ ይሆናል። እንግዲህ ያ ፊት የማን ነው? የፈጠረው አምላክ ነው ብሎ መመለስ ይቻላል፤ ነገር ግን ክርክሩ የተነሣው በፈጣሪና በፍጡር መካከል ሳይሆን በተዋናዩ፣ ገንዘብ ባወጣው ሰው፣ ካሜራውን በያዘውና ትኬት በቆረጠው መካከል ነው።

ጥያቄው ሕግ የሚፈታው ሊመስል ይችላል። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 «ከዋኝ» የሚለውን ቃል ወደ ሕጋችን ይዞ መጥቷል፤ ዘፋኙም ተዋናዩም በክዋኔው ላይ መብት እንዳለው ይደነግጋል። መልካም ነው። ይሁን እንጂ ክዋኔ የሚጀምርበትና የሚያልቅበት ሰዓት አለው፤ ፊት ግን ከቀረጻው ማግሥት ከባለቤቱ ጋር ዳቦ ሊገዛ ይወጣል። ፈላስፎችም ቢሆኑ በዚህ ላይ ብዙ አልረዱንም። ፈረንሳዊው ዲደሮ፣ ካረፈ ከ46 ዓመት በኋላ እ.ኤ.አ. በ1830 በታተመው የተዋናይ ምርምሩ፣ ታላቅ ተዋናይ ማለት ሌላውን እያስለቀሰ ራሱ የማያለቅስ፣ በውስጡ ቀዝቃዛ ታዛቢ ያስቀመጠ ሰው ነው ይላል። ስታኒስላቭስኪ ደግሞ ከውስጥ ያልተሰማ ነገር ከውጭ አይታመንም ብሎ ተዋናዩን ወደ ገዛ ትዝታው ይመልሰዋል። ሁለቱም የሚጠይቁት ተዋናዩ ምን እንደሚሰማው ነው። ሁለቱም የሚያስቡት ቤት ስላለው ተዋናይ ነው፤ ቋሚ መድረክ፣ ቋሚ ባልደረባ፣ ነገ የሚመለስበት መልበሻ ክፍል ያለው። ቤት የሌለውን ተዋናይ አላሰቡትም።

በኢትዮጵያም ዘመናዊው ተዋናይ ያደገው በቤት ውስጥ ነው። በ1910ዎቹ የተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም «ፋቡላ» የአውሬ ለምድ ለብሳ ሹማምንቱን ከተቸች በኋላ ቴአትር ታገደ፤ የኋላ ኋላ ግን ጣራና ግድግዳ አገኘ። በ1927 ዓ.ም. የሀገር ፍቅር ማኅበር ተመሠረተ። በ1948 ዓ.ም. ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር የሚባለው አዳራሽ ለንጉሠ ነገሥቱ የ25 ዓመት የዘውድ በዓል ተከፈተ። ተዋናዩ የወር ደመወዝተኛ ሆነ፤ የዓመት ፈቃድ፣ የጡረታ መዋጮ፣ የቅርብ አለቃ አገኘ። ዛሬ በዚህ ላይ መሳለቅ ይቀላል። የትኛው ተውኔት እንደሚታይ፣ የትኛው ቃል እንደሚወጣ የሚወስነው ሌላ ነበር፤ ደመወዙ ልጓም ነበር። ነገር ግን ልጓሙም ደመወዝ ነበረው። ተዋናዩ በአንድ ዓመት ንጉሥ፣ በሌላው ዓመት ለማኝ፣ በሦስተኛው ሽማግሌ ሆኖ ይቀርባል፤ ፊቱ በአንድ ሚና ብቻ ተቸንክሮ አይቀርም። ቤቱ ፊቱን ይበላል፤ ግን ደግሞ ያሳድሰዋል።

ፊልሙ ዘግይቶ መጣ። «ሂሩት አባቷ ማነው?» በ1957 ዓ.ም.፣ «ጉማ» በ1966 ዓ.ም. ከታዩ በኋላ፣ በአብዮቱ ዘመን መንግሥት ፊልሙንም እንደ ቴአትሩ ቤት ሊሠራለት ሞክሮ ነበር፤ የፊልም ኮርፖሬሽን ተቋቋመ። ኮርፖሬሽኑ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ሲዘጋ ግን ፊልም አልቆመም። ቪዲዮ ካሜራ የያዙ ወጣቶች ቤት ሸጠውም ተበድረውም መሥራት ጀመሩ። ያን ጊዜ አዲስ ዓይነት ሰው ተወለደ፤ የማንም ተቀጣሪ ያልሆነ፣ በፊልም ቁጥር የሚከፈለው፣ በሁለት ፊልሞች መካከል ስላለው ወር ማንም የማይጠይቅለት ተዋናይ። ራሱን ፍሪላንስ ይላል። ሌሎች «ነጻ ተዋናይ» ይሉታል። በአማርኛ «ነጻ» ሁለት ትርጉም እንዳለው ልብ ይሏል፤ ጌታ የሌለበት ማለትም ነው፤ በነጻ የተሰጠ፣ ዋጋ ያልተከፈለበት ማለትም ነው። ቃሉ ሁለቱን አጣብቆ የያዘው ያለ ምክንያት አይመስልም።

ወሎ ሰፈር ስለዚህ ዓይነቱ ሰው ለማሰብ የሚመች ቦታ ነው። ከመስቀል አደባባይ ወደ ቦሌ የሚወርደውን መንገድ የተከተለ፣ ኦሎምፒያን አልፎ ይደርስበታል፤ ከዚያ ኢትዮ ቻይና የተባለው ጎዳና ወደ ጎተራ ይገነጠላል። የመስታወት ሕንፃው፣ የባንኩ ምልክትና የቡና ቤቱ በረንዳ አዲስ ነው፤ ስሙ ግን አሮጌ ነው። አዲስ አበባ ሰፈሮቿን ስትሰይም ብዙውን ጊዜ ከየት እንደመጡ ትጠይቅ ነበር። ወሎ ደግሞ ሰው ብቻ ሳይሆን ዜማም የላከ አገር ነው፤ ዛሬ በየትኛውም የሙዚቃ ትምህርት ቤት የሚጠሩት የአምባሰልና የባቲ ቅኝቶች ስማቸውን ያገኙት ከዚያው ነው። ከዚያው ከሰሜኑ ምድር የመጡ ሌሎች ከዋኞችም ነበሩ፤ ላሊበሎች። ሌሊት፣ ጎህ ሳይቀድ፣ በየደጁ ቆመው እያዜሙ ምጽዋት የሚቀበሉ፣ ንጋት ሲሆን የሚሰወሩ። ዜማቸውን ያቋረጡ እንደሆነ በቁምጥና ይመታሉ ተብሎ ይነገር ነበር። ይህ እምነት ሐኪም ሲሰማው ከንቱ ነው፤ የሥነ ምግባር ሰው ግን ዝም ብሎ ሊያልፈው አይገባም። ኅብረተሰቡ ለከዋኙ የሰጠው ውል በውስጡ ተጽፏልና። ድምፅህን ስጠን፤ ፊትህን በጨለማ ያዝ። ስታዜም ጤነኛ ነህ፤ ዝም ስትል በሽተኛ ነህ። አዝማሪውስ ቢሆን በግብዣው ይወደድና በጋብቻው ይናቅ አልነበረም? ድምፁን በልተው ወገኑን የተጸየፉት ሰዎች ልጆች ዛሬ ፊልም ቤት ተሰልፈው ትኬት ይቆርጣሉ። ውሉ ተለወጠ ወይስ ጨለማው ብቻ ቦታ ቀየረ? ላሊበላው በጨለማ ቆሞ ብርሃን ቤት ላለው ሰው ያዜም ነበር፤ በሲኒማ ግን ብርሃኑ በተዋናዩ ላይ፣ ጨለማው በተመልካቹ ላይ ነው።

ይህን ሁሉ በአንድ ሰው ሥራ ላይ ማየት ይቻላል። ዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ የኢትዮጵያ ፊልም ተመልካች ሁሉ የሚያውቀው ስም አይደለም፤ በውጭው ዓለም የነጻ ፊልም ወዳጆች ዘንድ ግን የታወቀ ነው። ቁመናው ሲኒማ ለወንድ ጀግና ከሚመርጠው ቁመና የራቀ ነው። ይህን ማለት ነውር አይደለም፤ ፊልሞቹ ራሳቸው የሚሠሩት በዚህ ላይ ነውና። እ.ኤ.አ. በ2013 በወጣው «ችግር አለ» በተባለው አጭር ፊልም፣ የሂትለር ቅጂ ሆኖ በአዲስ አበባ ሲኖር፣ በመሸታ ቤት ሰው ሲዘብትበት ይታያል። እ.ኤ.አ. በ2015 ሮተርዳም ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ በታየው «ክራምብስ»፣ በአማርኛ ሲፈታ «ፍርፋሪ»፣ ዋናው ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ2019 ደግሞ «ኢየሱስ ወደ አውራ ጎዳናው የሚወስደውን መንገድ ያሳይሃል» የሚል ትርጉም ባለው ረጅም ፊልም የአሜሪካ ሰላይ ሆኖ ቀርቧል። በሦስቱም የስፔኑ ተወላጅ የሚጌል ያንሶ እጅ አለበት፤ አዲስ አበባ ኖሮ ፊልም የሠራ ሰው ነው።

መጀመሪያ የሚነሣው ክስ የታወቀ ነው። ይህ የአደባባይ ትርኢት አይደለምን? በ19ኛው ክፍለ ዘመን በአውሮፓና በአሜሪካ የገበያ ድንኳኖች ውስጥ አካላቸው ከሌላው የተለየ ሰዎች በትኬት ይታዩ ነበር። አሜሪካዊው ቶድ ብራውኒንግ እ.ኤ.አ. በ1932 እነዚህኑ የድንኳን ሰዎች ሰብስቦ «ፍሪክስ» የተባለውን ፊልም ሲሠራ እንግሊዝ ለ30 ዓመት ያህል አግዳዋለች። ያገዱት ሰዎች ለተዋንያኑ ክብር ተቆርቁረው ነበር ማለት ግን የዋህነት ነው፤ የራሳቸው ዓይን እንዳይታወክ ነበር የፈለጉት። ተዋንያኑ ከፊልሙ በፊትም ሆነ በኋላ በድንኳን ሲታዩ ማንም አላገደም። እንግዲህ «አታሳዩት» የሚለው ክስ ብቻውን ሲመዘን ከላሊበላው ውል ብዙ አይርቅም፤ ፊትህን በጨለማ ያዝ ማለት ነው። ለአንድ ተዋናይ፣ አካልህ ያሳዝነናልና ለክብርህ ስንል ሥራ አንሰጥህም ከማለት የከፋ ንቀት አይገኝም።

ነገር ግን «ያሳዩት» የሚለውም ብቻውን አይበቃም። መለኪያው ሌላ መሆን አለበት፤ «ክራምብስ» ደግሞ ይህን መለኪያ በግልጽ ይሰጣል። ታሪኩ ዓለም ካበቃች በኋላ ነው። በሰማይ ላይ ለብዙ ዘመን ተገትሮ የቀረ የጠፈር መርከብ አለ። ዳንኤል የሚጫወተው ካንዲ ከፍርስራሹ መካከል የተረፈውን ቁራጭ ዕቃ የሚለቅም ሰው ነው። የፕላስቲክ አሻንጉሊትና የማይክል ጃክሰን ሸክላ የጥንት ሥልጣኔ ቅርስ ሆነው ይሸጣሉ፤ ማይክል ጆርዳን እንደ ጻድቅ ይለመናል። ካንዲ ከሳያት ጋር በአሮጌ የቦውሊንግ አዳራሽ ይኖራል። መርከቡ ሲነቃነቅ፣ ወደ መጣበት ወደ ሰማዩ አገሩ መመለሻ መንገድ ለመለመን ጉዞ ይነሣል። በዳሎል ቢጫና አረንጓዴ ጨው ላይ አንድ ሰው ብቻውን ሲሄድ ይታያል፤ ፊልሙ በሙሉ ከአንድ ሰዓት ብዙም አይበልጥ፤ የሚቀረው ግን ይህ አካሄድ ነው።

ሳያትን የምትጫወተው ሰላም ተስፋዬ ናት፤ በአዲስ አበባ የሲኒማ ቤቶች ማስታወቂያ ላይ ፊቷ በተደጋጋሚ የታየ፣ በሕዝብ እጅግ የተወደደች ተዋናይት። ሁለቱ ይዋደዳሉ። ዋናው ነገር ፊልሙ ይህን ፍቅር አለማስረዳቱ ነው። በብራውኒንግ ፊልም አጭሩ ሰው ረጅሟን ሴት ይወድዳል፤ ፍቅሩም መሳለቂያ ሆኖበት ታሪኩ በሙሉ የዚያ ቅጣት ይሆናል። በ«ክራምብስ» ግን ካንዲ ሊወደድ ይገባዋል ወይ ተብሎ አይጠየቅም። ፊልሙ ሲጀምር ተወድዷል። ጥያቄው ለሚወድዳት ሴት ምን ያደርግላታል፣ ወዴትስ ይወስዳታል የሚል ነው፤ ይህም በየትኛውም ዘመን የማንኛውም ባል ጥያቄ ነው። ካሜራ የአንድን ሰው አካል ሲያሳይ ፈቃዱንም፣ ምኞቱንም፣ የሚፈራውንም አብሮ ካሳየ ፊቱ የራሱ ሆኖ ይቀራል። አካሉን አሳይቶ ምኞቱን ከተወ ግን ድንኳኑ እንደ ገና ተተክሏል፤ ሸራው ምንም ያህል ነጭ ቢሆን። በዚህ ሚዛን «ችግር አለ» የተባለው አጭር ፊልም ይከብዳል። ሳቁ የት እንደሚያበቃና ሰውየው የት እንደሚጀምር መለየት ተመልካቹ ላይ ተጥሏልና፤ ተመልካች ደግሞ እንዲህ ያለውን ሸክም ሁልጊዜ አይሸከምም።

ሁለተኛው ክስ የበለጠ ያሳስባል። እነዚህ ፊልሞች ለማን ተሠሩ? የኪነ ጥበብ ሰው ከየት እንደበቀለ ብቻ ሳይሆን ለማን እንደሚናገር መጠየቁ የቆየ ወግ ነው፤ አሁንም አልከሰረም። የፈረሰች ኢትዮጵያን፣ በዝገት መካከል የምትኖር ኢትዮጵያን ሮተርዳም ቁጭ ብሎ ማየት ለማን ደስ ይላል? እዚህ ላይ ፍርድ መቸኮል የለበትም። በፊልሙ ውስጥ ፍርስራሽ የሆነው የኢትዮጵያ ታሪክ ሳይሆን የምዕራቡ ገበያ ነው፤ በአሻንጉሊት ፊት የሚሰግደውም የሰው ልጅ በሙሉ ነው። በዚያ ላይ የሚነገረው ቋንቋ አማርኛ ነው። እንዲህም ሆኖ እውነቱ አይሸሸግም፤ ወሎ ሰፈር ያለው ወጣት ሰላም ተስፋዬን ያወቃት በሌሎች ፊልሞቿ ነው፤ ዳንኤልን ያወቀው ጥቂት ነው። አንድ ተዋናይ ፊቱን ያየው ሕዝብ ቋንቋውን የማይሰማ፣ ቋንቋውን የሚሰማው ሕዝብ ፊቱን ያላየ ከሆነ፣ ነጻነቱ ምን ዓይነት ነጻነት ነው? የቴአትር ቤቱ ተዋናይ ቅዳሜ ከሰዓት የሰማው ሳቅ እሑድ ጠዋት በሰፈሩ ሰላምታ ሆኖ ይመለስለታል። ይህ ትንሽ ነገር አይደለም።

በ2019ኙ ፊልም ደግሞ ነገሩ አንድ እርምጃ ይርቃል። ፊልሙ እንደ ድሮ ርካሽ የስለላ ፊልሞች ሆን ተብሎ በእንግሊዝኛ ድምፅ ተለብጧል፤ የተዋንያኑ አፍ ይንቀሳቀሳል፣ የሚሰማው የሌላ ሰው ቃል ነው። ቀልዱ ይገባል፤ ብልህም ነው። ነገር ግን አዲስ አበባ ይህን ቀልድ ከወዲያኛው ጫፉ ታውቀዋለች። በ2008 ዓ.ም. ቃና ቴሌቪዥን ሥርጭት ሲጀምር የቱርክና የሌላ አገር ተከታታይ ድራማዎች በአማርኛ መናገር ጀመሩ፤ የአገር ውስጥ የፊልም ባለሙያዎች ገበያችንን ወሰደው ብለው ሲቃወሙ፣ ሌሎች ወጣት ተዋንያን ደግሞ በዚያው ድርጅት በጠባብ የቀረጻ ክፍል ቆመው ለኢስታንቡል ፊቶች ድምፃቸውን ይሰጡ ነበር። በአንድ በኩል ፊቱ የኢትዮጵያዊ፣ ድምፁ የሌላ፤ በሌላ በኩል ድምፁ የኢትዮጵያዊ፣ ፊቱ የሌላ። ተዋናይ ለሁለት ተከፍሎ በሁለት ገበያ ይሸጣል።

መከፈሉ ራሱ ግን ሁልጊዜ ጉዳት አይደለም። ወጋየሁ ንጋቱ በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» ዝግጅት «ፍቅር እስከ መቃብርን» ሲተርክ የሰማ ሰው፣ ፊቱን ፈጽሞ አይቶት ባያውቅ እንኳ፣ ወጋየሁ ጎድሎበታል አይልም። ሕዝቡ ድምፁን ብቻ ተቀበለ፤ ከድምፁ ግን ሙሉ ሰው አወጣ። ልዩነቱ የት ላይ ነው? ወጋየሁ ድምፁን የሰጠው ለራሱ ሕዝብ፣ በራሱ ስም ነው፤ አድማጩ የማን ድምፅ እንደሆነ ያውቅ ነበር። ለቱርኩ ፊት የሚናገረው ወጣት ግን ሥራውን አሳምሮ በሠራ ቁጥር ይበልጥ ይረሳል፤ ፍጹም ሲሆን ፈጽሞ ይጠፋል። ተዋናይ መሆን ራስን መደበቅ ነው የሚሉ አሉ፤ ሊሆን ይችላል፤ የሚደበቅ ሰው ግን የሚፈልገው ሰው እንዳለ ማወቅ አለበት።

የአንድ ፊልም ሰዎች ጉዳይም አለ። ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1976 ለዓለም ያቀረበውን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የቀረጸው ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ፣ አገሪቱ በአብዮት ስትናወጥ፣ በጥቂት ሳምንት ውስጥ ነበር። ተዋንያኑ የተማሩ ተዋንያን አልነበሩም፤ ገበሬ ገበሬን ተጫወተ። በዚያ ጥቁርና ነጭ ምስል ውስጥ ያለው ድካም የተጠና ድካም አይደለም። ታላቅነቱም ከዚያ ነው። ነገር ግን ፊልሙ ካለቀ በኋላ ገበሬው ወደ እርሻው ተመለሰ፤ ፊቱ የዓለም ሲኒማ ቅርስ ሆነ፤ ሁለቱ ዳግም አልተገናኙም። ከ40 ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ2015፣ የያሬድ ዘለቀ «ላምብ» በካን የፊልም ፌስቲቫል ይፋዊ ምርጫ ውስጥ የገባ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም ሲሆን፣ ፊልሙን በትከሻው የተሸከመው ሕፃን ነበር። ለእንዲህ ዓይነቱ ፊት አዘጋጁ ምን ዕዳ አለበት? ገንዘቡማ ይከፈላል። የቀረው ዕዳ በገንዘብ አይቆጠርም፤ ሰውየው ሌላ ሰው ሆኖ የመታየት ዕድል ነው። የሕይወት ታሪኩ የተወሰደበት ሰው እንኳ ሊከራከር ይችላል፤ በ2006 ዓ.ም. ማብቂያ «ድፍረት» አዲስ አበባ ላይ ሊመረቅ፣ ተመልካች አዳራሽ ገብቶ ሳለ፣ ታሪኩ ታሪኬ ነው ያለች ሴት ባቀረበችው አቤቱታ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ታግዶ ነበር፤ እገዳው በኋላ ተነሥቷል። ፊቱ የተወሰደበት ሰው ግን በየትኛው ችሎት ይቆማል? ራሱ ፈቅዷል፣ ፈርሟል፣ ተከፍሎታል።

ስለዚህ የተዋናይ «የሙያ ሕይወት» የምንለው ነገር የዝናና የገቢ ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ የሥነ ምግባር ጉዳይም ነው። የመጀመሪያው ፊልም ፊቱን ይወስዳል። ሁለተኛው ይመልሳል፤ ተመልካቹ ያንኑ ፊት በሌላ ምኞት፣ በሌላ ስም አይቶ፣ ለካ ይህ ሰው ይጫወት ነበር እንጂ አልነበረም ይላልና። በሦስተኛው እምቢ ማለት ይችላል። ዳንኤል ታደሰ ከመሸታ ቤቱ መሳለቂያ ወደ ባልነት፣ ከባልነት ወደ ሰላይነት ተሻግሯል፤ ብዙ መልከ መልካም ተዋናይ በ20 ፊልም ያላገኘው ርቀት ነው። ይህ አንዱ ወገን ነው። ሌላው ወገን ደግሞ፣ ስሙን ያስጠሩት ሦስቱም ሥራዎች የአንድ አዘጋጅ እጅ ያለባቸው መሆናቸው ነው። አዝማሪውም እኮ ከቦታ ቦታ ይዞር ነበር፤ ማንም አልቀጠረውም፤ ነጻ ነበር፤ በደጁ የሚያዜምለት ጌታ ግን አንድ ሲሆን ነጻነቱ በጌታው ጤንነት ይለካ ነበር። የቴአትር ቤቱ ተዋናይ አለቃው ሲሻር ሌላ አለቃ ይመጣለታል። ነጻው ተዋናይ አዘጋጁ ሐሳቡን የቀየረ ዕለት ምን ይመጣለታል? ለዚህ ሚጌል ያንሶን መውቀስ አይገባም፤ እርሱ ያየውን ሌሎቹ አላዩምና። የሚወቀሱ ካሉ፣ በዚያው ከተማ ተቀምጠው፣ በዚያው ቋንቋ እየጻፉ፣ ለዚህ ፊት አንድ ሚና ያላሰቡት ናቸው፤ የተውኔት ጸሐፊዎችም አይቀሩ። ጀግናውን ሲጽፉ ቁመቱን አይጽፉም፤ ተዋናይ ሲመረጥ ግን ሁሉም ቁመቱን ያውቁታል።

ከወሎ ሰፈር ወደ ካዛንቺስ በእግር ይኬዳል። ኦሎምፒያን፣ መስቀል አደባባይን፣ እስጢፋኖስን፣ የአፍሪካ አዳራሽን አልፎ ነው። ካዛንቺስ ስሙን ያገኘው ጣሊያን በወረራው ዘመን ለመንግሥት ሠራተኞቹ ቤት ይሠራ ከነበረው ድርጅት ነው፤ ወራሪው ተባረረ፣ ስሙ አማርኛ ሆኖ ቀረ፣ በእነዚያ መንደሮች የአዝማሪ ቤቶች በቀሉ። በ2017 ዓ.ም. ሰፈሩ በመልሶ ልማት ሲፈርስ፣ ውዝዋዜን ከካዛንቺስ ይዞ ዓለምን የዞረው የፈንድቃ ቤትም አብሮ ፈረሰ። በዚያ ፍርስራሽ መካከል ያለፈ ሰው፣ ቆርቆሮና በር እየመረጡ የሚለቅሙ ሰዎችን አይቶ፣ «ክራምብስ» ስለ ወደ ፊት የተሠራ ፊልም ነው ለማለት ሳይከብደው አይቀርም።

በመጨረሻው ፊልም የሰላዩ ስም ዲ. ቲ. ጋጋኖ ነው። ስሙ የተዋናዩ ስም ነው፤ ዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ። ፊልሙ ፊቱን ወሰደ፣ ድምፁን በሌላ ድምፅ ለወጠ፣ ስሙን ግን ተወለት። ሰላዩ ሥራ መልቀቅ ይፈልጋል፤ ከሚስቱ ከማሊን ጋር ትንሽ ንግድ ከፍቶ፣ ፒሳ እየጋገረ መኖር ነው ምኞቱ። አለቆቹ አንድ የመጨረሻ ግዳጅ ይሰጡታል፤ በኮምፒዩተር ወደተሠራ የምናብ ከተማ ይልኩታል፤ እዚያም ወጥመድ ውስጥ ይወድቃል። አካሉ እዚህ ራሱን ስቶ ቀርቶ፣ ምስሉ እዚያ በማያውቀው ከተማ ጎዳና ለጎዳና እየዞረ፣ ወደ ቤቱ የሚያወጣውን በር ይፈልጋል።